የሃያ ሰከንድ ዝምታ

ለዚህ ቻናል ቤተሰቦች በሙሉ...

የጆሮ ማዳመጫዬ የግራ ጎን ለዘጠኝ ዓመት በቅንነትና በታማኝነት ካገለገለኝ በኋላ፣ ባለፈው ወር፣ ማክሰኞ ከቀኑ ስምንት ሰዓት ላይ በድንገት ማረፉን በጥልቅ ሐዘን እገልጻለሁ። ሥርዓተ ቀብሩም የቅርብ ወዳጆቹ፣ ማለትም አንድ ስቴፕለርና ሁለት የደረቁ እስክሪብቶዎች በተገኙበት፣ በጠረጴዛዬ መሳቢያ ውስጥ ተፈጽሟል።

ሳቁ፣ ግድ የለም። እኔም ያን ቀን ስቄ ነበር።

ከዚህ በታች ያለው ግን የሆነ ነው። እኔው ላይ፣ በጠራራ ፀሐይ፣ ሰው በሚተራመስበት መሥሪያ ቤት ውስጥ። ጨለማ የለበትም። መቃብር የለበትም። ጥቁር ድመት እንኳ የለችበትም።

ማመን አለማመን የናንተ ፈንታ ነው።

ሥራዬ ሬዲዮ ነው። በየቀኑ ከስምንት እስከ አስር ሰዓት የሮክ ሙዚቃ ዝግጅት አቀርባለሁ። ጠዋት ጠዋት ደግሞ ጣቢያው ቀኑን ሙሉ የሚያጫውተውን የዘፈን ዝርዝር አወጣለሁ። የትኛው ከየትኛው ይከተል፣ ከጩኸቱ በኋላ አድማጭ የት ላይ ትንፋሽ ይውሰድ... ይህን የምወስነው እኔ ነኝ። እናቴ ለጎረቤት ስታስረዳ "ልጄ የሚጮኹ ሰዎችን ወረፋ ያስይዛል" ትላለች። እኔም ከዚህ የተሻለ የሥራ መግለጫ እስካሁን አላገኘሁም።

ወንበሩን የያዝኩት ከዩኒቨርሲቲ በወጣሁ በሁለተኛው ወር ነው። ከኔ በፊት የነበረውን አቅራቢ በድምፁ ምክንያት "ነጎድጓድ" ይሉት ነበር። ጤና ይስጥልኝ ሲል የመስኮት መስተዋት ይንቀጠቀጣል ተብሎ ይወራለታል።

አንድ ሰኞ ድምፁ ጠፋ።

በቃ... ጠፋ። ሐኪም ቤት ቢመላለስ፣ ቢለምን፣ ቢሳል፣ አልተመለሰም። እኔ ተቀጠርኩ። የአንዱ ሐዘን ለአንዱ እንጀራ ነው።

ይኸው አስራ አንድ ዓመት ሆነኝ። በዚህ ሁሉ ዓመት የምኮራበት አንድ ነገር ቢኖር፣ አየር ላይ ሃያ ሰከንድ ዝምታ አሳልፌ አለማወቄ ነው።

ለምን ሃያ?

በጣቢያችን አሠራር አየሩ ለሃያ ሰከንድ ጸጥ ካለ፣ ኮምፒውተሩ ሰዎቹ አንድ ነገር ሆነዋል ብሎ ያስባል። ከዚያ ማንንም ሳይጠይቅ የአደጋ ጊዜ ቅጂውን ያጫውታል። ቅጂው አጭር ነው። "ውድ አድማጮቻችን፣ ለገጠመን የቴክኒክ ችግር ይቅርታ እንጠይቃለን። ከጥቂት ጊዜ በኋላ እንመለሳለን።"

የቀዳው ነጎድጓድ ነው። እኔ ከገባሁ ወዲህ አንድም ቀን አየር ላይ ወጥቶ አያውቅም።

እስከዚያ ማክሰኞ ድረስ...

ነገሩ እንዲህ ነው። የኛ የጆሮ ማዳመጫ ሁለቱ ጎኖች የሚያሰሙት ለየቅል ነው። በግራው አድማጭ የሚሰማውን እሰማለሁ። በቀኙ ደግሞ ገና ያልተለቀቀውን፣ እኔ ብቻ አስቀድሜ የምፈትሸውን ዘፈን። ግራው ሲሞትብኝ፣ አድማጭ ምን እየሰማ እንደሆነ የማውቅበት ጆሮ አብሮ ሞተ።

ስምንት ሰዓት ከአስራ ስድስት ላይ አንድ ዘፈን አስጀመርኩ። ጊታሩ ቀኝ ጆሮዬን ያርሰዋል። ጭንቅላቴን እየነቀነቅኩ ነው። ድምፁን ወደ አየር የሚለቀውን ማንሸራተቻ ግን ወደ ላይ አልገፋሁትም።

እኔ ጋ ድግስ... አድማጭ ጋ ጸጥ።

በመስተዋቱ ማዶ ፊውዝ ሁለት እጇን ስታወራጭ አየሁ። ፊውዝ ቴክኒሻናችን ናት፤ ቅጽል ስሙን ያወጣንላት ቶሎ ስለምትቃጠል ነው። ስድስት ዓመት ሙሉ ማይክ ስጡኝ ብላ ለምና፣ በሚቀጥለው ሳምንት ቅዳሜ የራሷን የአንድ ሰዓት ዝግጅት ልትጀምር ተፈቅዶላታል። ከዚያ ወዲህ ኮሪደር ላይ ከራሷ ጋር "እንደምን ዋላችሁ" ስትባባል ትገኛለች።

እየጨፈረች መሰለኝ። አውራ ጣቴን አሳየኋት።

በሩን በርግዳ ገብታ ማዳመጫውን ከጆሮዬ ነጠቀችው።

"ጨርቅህን ጣልክ እንዴ? አየሩ ባዶ ነው።"

ያኔ ከግድግዳው ድምፅ ማጉያ...

"ውድ አድማጮቻችን፣ ለገጠመን የቴክኒክ ችግር ይቅርታ እንጠይቃለን።"

ነጎድጓድ። የክንዴ ፀጉር ቆመ። ከአድናቆት ነው ብዬ አለፍኩት።

"ከጥቂት ጊዜ በኋላ እንመለሳለን። ሰዓቱ... ስምንት ከአስራ ሰባት ነው።"

ማንሸራተቻውን ገፋሁት። ጊታሩ ገባ።

ፊውዝ አልወጣችም። ዓይኗን የግድግዳው ሰዓት ላይ ተክላለች።

"ስንት ሰዓት ነው ያለው?" አለችኝ በሹክሹክታ።

"ስምንት ከአስራ ሰባት።"

"አሁንስ ስንት ነው?"

ቀና ብዬ አየሁ።

ስምንት ከአስራ ሰባት።

"ይኼ ቅጂ አይደለም እንዴ?"

"ነው።"

"ከአስራ አንድ ዓመት በፊት የተቀዳ?"

"አጋጣሚ ነዋ" ልላት ስል ጉሮሮዬን ከረከረኝ። ሳልኩ።

ከዝግጅቱ በኋላ ቅጂውን በሷ ክፍል ሦስት ጊዜ አዳመጥነው። ይቅርታ እንጠይቃለን ይላል። እንመለሳለን ይላል። ያበቃል።

ሰዓት የሚባል ነገር የለበትም።

"ደክሞን ነው" አልኳት።

"ሁለታችንንም እኩል ደከመን?"

ረቡዕ ፊውዝ ካልሞከርነው ሞቼ እገኛለሁ አለች። እኔም እምቢ አላልኩም። ዘጠኝ ሰዓት ከአምስት ላይ አንድ ዘፈን ሲያልቅ ቀጣዩን ሳልለቅ ተውኩት። እሷ የስቱዲዮው በር ላይ ተደግፋ ቆማ በጣቶቿ ትቆጥራለች።

አስራ ስምንት... አስራ ዘጠኝ... ሃያ።

"ውድ አድማጮቻችን፣ ለገጠመን የቴክኒክ ችግር ይቅርታ እንጠይቃለን። ከጥቂት ጊዜ በኋላ እንመለሳለን። ሰዓቱ ዘጠኝ ከስድስት ነው።"

ዘጠኝ ከስድስት ነበር።

ከዚያ ትንፋሽ ተሰማ። ረጅም። ሰው ወደ ማይክ ጠጋ ሲል የሚሰማ ዓይነት...

"አንቺ ልጅ... በሩን ዝጊው።"

ፊውዝ የተደገፈችው በር ገርበብ ብሎ ነበር።

ቀስ ብላ ዘጋችው።

ስልኩ ጮኸ። አንድ አድማጭ ነው። "ያ የድሮው ሰውዬ ተመለሰ እንዴ? እንኳን ደስ አላችሁ" አለን። ዘጋሁበትና ቀጣዩን ዘፈን ላስተዋውቅ ማይኬን ከፈትኩ።

ከአፌ የወጣው የዛገ የበር ማጠፊያ ሲጥ ሲል የሚሰማው ዓይነት ድምፅ ነው።

ሐሙስ እኛ ምንም አልነካንም። ምዬ እነግራችኋለሁ፣ ምንም። ስምንት ሰዓት ከሠላሳ ዘጠኝ ላይ ኮምፒውተሩ ራሱ ደርቆ ቀረ። ማይኩ አልከፈት አለ። ፊውዝ ጠረጴዛው ሥር ገብታ ገመድ ስትነቅልና ስትሰካ እኔ የውሃ ብርጭቆዬን ይዤ ቆሜያለሁ።

ሃያ ሰከንዱ ሞላ።

ይቅርታውን ጠየቀ። ሰዓቱን ተናገረ። ልክ ነበር።

"ወጣቱ... ውሃውን ጠጣ" አለ። "አይጠቅምህም። ግን ጠጣ።"

ብርጭቆውን አስቀመጥኩት። 

ፊውዝ ከጠረጴዛው ሥር፣ ድምፅዋን አፍና፣ "ላንተ ነው ያለው?" አለችኝ።

ልመልስላት አፌን ከፈትኩ። የቀረኝ ሹክሹክታ ብቻ ነበር።

ሐኪሙ ጉሮሮዬን በመብራት አይቶ "ንጹሕ ነው" አለኝ። "እንዲህ ያለ ንጹሕ ጉሮሮ እኔም የለኝ።"

ሥራ አስኪያጃችን ችግርን በስብሰባ፣ ስብሰባን ደግሞ በሌላ ስብሰባ የሚፈታ ሰው ነው። የዚያን ቀን ማምሻውን ቢሮው አስጠራኝ።

"ያ ቅጂ አርጅቷል" አለ። "አጉል ነገር እየዘባረቀ ነው አሉኝ።"

ቅጂ ያረጃል እንጂ ይዘባርቃል ወይ ብዬ ልጠይቀው አሰብኩ። ድምፄን ቆጠብኩት።

"አዲስ ቅዳና የድሮውን አጥፋው። እስከ ነገ አስራ አንድ ሰዓት።"

"ድምፄ ጌታዬ..." አልኩ በሹክሹክታ።

"በሹክሹክታም ቢሆን ቅዳ። ሰኞ ግን ድምፅ ይዘህ ና። ካልሆነ ወንበሩ ባዶ አይቀመጥም። አንተም እንዴት እንዳገኘኸው ታውቃለህ።"

አውቃለሁ።

አርብ ጠዋት አራት ሰዓት ላይ የነጎድጓድን ቤት አንኳኳሁ።

ሚስቱ ከፈቱልኝ። ፀጉራቸው የሸበተ፣ ፊታቸው ፈገግታ የለመደ ሴትዮ ናቸው። እሱ መስኮቱ ሥር ተቀምጦ የተሰበረ የወንበር እግር ያጣብቃል። አንገቱ ላይ በክር የታሰረች ማስታወሻ ደብተር ተንጠልጥላለች። አስራ አንድ ዓመት የተነጋገረው በሷ ነው።

"ጋሼ" አልኩት በሹክሹክታ።

"ይገርማል" አሉ ሴትዮዋ። "ሁለት የሬዲዮ ሰዎች ተገናኝተው በመካከላቸው አንድ ድምፅ የለም።"

ሊስቁ ነበር... የባላቸውን ፊት ሲያዩ ተዉት።

ምንም ሳልነግረው እስክሪብቶውን አነሣ።

"ስንት ጊዜ ተናገረ?"

ሦስት ጣቴን አሳየሁት። ዓይኑን ጨፈነ።

"በአራተኛው ድምፅህ ያልቅብሃል" ብሎ ጻፈ።

"ጋሼ... እርስዎ ነዎት?"

"ድምፁ የኔ ነው። የሚናገረው እኔ አይደለሁም።"

አዲስ እንድቀዳ መታዘዜን ነገርኩት። እስክሪብቶው ወረቀቱ ላይ ቆመ። ቀለሙ እዚያው ነጥብ ሠርቶ እስኪሰፋ ድረስ ቆመ።

"አርብ ቀዳሁ" ብሎ ጻፈ። "ሰኞ ስነሣ ድምፄ የለም።"

"ብቀዳ ይወስደኛል፣ ባልቀዳ ይጨርሰኛል። ታዲያ ምን ላድርግ?"

ወደ ሚስቱ አየት አደረገ። ከዚያ ደብተሩን በግራ መዳፉ ከልሎ፣ በትንንሽ ፊደላት ጻፈና አሳየኝ።

"ሌላ ሰው ያንብበው።"

"ምን አለህ?" አሉኝ ሴትዮዋ።

እሱ ቅጠሏን ከደብተሩ ቀደዳት። አጣጥፎ አፉ ውስጥ ከተታት። ዓይኑን ከኔ ሳያነሣ አኘካት...

ዋጣት።

ሴትዮዋ ሁለታችንንም አፈራርቀው አዩን። በሩን ሲከፍቱልኝ ደህና ሁን አላሉኝም።

የዚያን ቀን ዝግጅቴን ያለ አንዲት ቃል አቀረብኩ። ዘፈን በዘፈን ላይ ደረብኩ። አንዱ ሳያልቅ ሌላውን አስገባሁ። እንኳን ሃያ ሰከንድ፣ ግማሽ ሰከንድ ክፍተት አልተውኩም። አስር ሰዓት ሲሞላ ሸሚዜ ጀርባዬ ላይ ተጣብቋል።

ከዚያ ወደ መቅጃዋ ክፍል ገባን። ጠባብ ናት፤ አንድ ማይክ፣ አንድ ወንበር፣ ሁለት ሰው ካለባት መጠጋጋት ግድ ነው። ፊውዝ መቅጃውን አዘጋጀች። ጽሑፏን ከፊቴ አኖረችልኝ።

"በል ወንድሜ፣ ቅዳውና ላሽ እንበል።"

ወረቀቷን አየኋት። ማይኩን አየሁት።

ሰዓቱ አስር ከአርባ አምስት።

አስር ከአርባ ስምንት...

"ምን ሆነሃል?"

"አይወጣም" አልኳት።

"ውሃ ላምጣልህ?"

አያስፈልገኝም ብዬ ራሴን ነቀነቅኩ።

ወረቀቷን ከፊቴ አነሣቻት። ከዚያ እንደ ቀልድ፣ እንደ ዋዛ፣ "እኔ ላንብበው?" አለች። "ለሳምንት ቅዳሜ መለማመጃ ይሆነኛል። ደግሞ ያ ሰውዬ ለሴት ያን ያህል አይደፍርም።"

አስር ሰዓት ከሃምሳ ነበር።

እዚህ ላይ አንድ ነገር ልንገራችሁ። "አይሆንም" ለማለት የሚበቃ ድምፅ ነበረኝ። ስትሰሙት አጭር ቃል ነው። ሹክሹክታም ይበቃዋል።

ተነሣሁ።

ወንበሩን ሳብኩላት።

ፊውዝ ተቀመጠች፣ ጉሮሮዋን ጠረገች፣ አነበበች። አንዴ ብቻ። ስድስት ዓመት ሙሉ ማይክ የነፈግናት ልጅ እንዲህ ያለ ድምፅ እንዳላት ያን ቀን ነው ያወቅሁት። የጠራ፣ ሙቅ፣ አንዳች ፈገግታ ያለበት።

"እንዴት ነው?"

"ይበቃል" አልኳት።

የድሮውን ቅጂ ራሷ አጠፋችው። "ደህና ሁን ጋሼ" አለችው ለኮምፒውተሩ።

ቅዳሜ ጠዋት ስነሣ እናቴን እንደምን አደርሽ አልኳት። ድምፄ ሞልቶ ወጣ፤ ከድሮውም ብሶ። "ዛሬስ አፍህ ተፈታ፣ ተመስገን" አለች። መልሼ ተኛሁ። እንቅልፍ ግን አልወሰደኝም።

ፊውዝ ጋ ደወልኩ። አላነሣችም።

እሑድ ከማላውቀው ቁጥር ተደወለልኝ። ብዙ ዓመት ተዘግቶ እንደከረመ ቤት የታፈነ፣ አቧራ የበላው የወንድ ድምፅ ነው። ቃል እንደ አዲስ የሚማር ሰው ይመስላል።

"ማን... አነበበው?"

ዘጋሁት።

ሰኞ ፊውዝ አንገቷን በሻርፕ ጠቅልላ መጣች። ስልኳ ላይ ጽፋ አሳየችኝ። "ጉንፋን ነው። ማር እየጠጣሁ ነው፤ ለቅዳሜ ይደርሳል።"

ፈገግ አለች። እኔም ፈገግ አልኩላት።

ያን ሰኞ በሕይወቴ እንደዚያ አቅርቤ አላውቅም። ቃሉ እንደ ውሃ ይወርዳል። ስልኩ ፋታ አጣ። ሥራ አስኪያጁ ሳይቀር በበሩ ብቅ ብሎ ራሱን ነቅንቆልኝ ሄደ።

ስምንት ሰዓት ከሠላሳ ላይ ዘፈን እየተጫወተ ነው። ማንሸራተቻው ወደ ላይ ተገፍቷል። ሁሉም ነገር በቦታው ነው።

ድንገት ጸጥ አለ።

ማንሸራተቻውን አወረድኩ፣ መልሼ ገፋሁ። ምንም። ማይኩን ተጫንኩ። ምንም። ከበስተጀርባዬ የግድግዳው ሰዓት ብቻ ይቆጥራል።

አስራ ሰባት... አስራ ስምንት...

"እባክህ" አልኩ። ለማን እንዳልኩ አላውቅም።

ሃያ።

"ውድ አድማጮቻችን፣ ለገጠመን የቴክኒክ ችግር ይቅርታ እንጠይቃለን።"

የፊውዝ ድምፅ። የጠራው፣ ሙቁ፣ የአርቡ።

"ከጥቂት ጊዜ በኋላ እንመለሳለን። ሰዓቱ ስምንት ከሠላሳ አንድ ነው።"

ቀና አልኩ። ፊውዝ በመስተዋቱ ማዶ ቆማለች። ከንፈሯ ይንቀሳቀሳል። ከድምፅ ማጉያው ከሚወጣው ቃል ጋር፣ ልክ በልክ፣ ከንፈሯ ይንቀሳቀሳል።

እሷ አይደለችም የምታንቀሳቅሰው። ዓይኗን አየሁት። በሁለት እጇ አፏን አፈነች። ከንፈሯ በጣቶቿ ሥር መንቀሳቀሱን ቀጠለ።

ትንፋሽ ተሰማ...

"አርብ፣ አስር ከሃምሳ ላይ" አለ ያ የጠራ ድምፅ። "አይሆንም ማለት ይችል ነበር።"

ዘፈኑ ካቋረጠበት ቀጠለ። ጊታሩ ክፍሉን ሞላው።

ፊውዝ እጆቿን ከአፏ ላይ አነሣች። ከንፈሯ ቆሟል። ረጅም ጊዜ አየችኝ። ከዚያ ዞራ መጣች፣ በሩን ከፈተች፣ ገባች፣ ዘጋችው። ስልኳን አውጥታ ቀስ እያለች ጻፈችና ፊቴ ላይ ያዘችው።

"ታውቅ ነበር?"

አንድ ሌላ ቃል ጨመረችበት።

"ንገረኝ።"

ድምፅ ነበረኝ። የጠራ፣ የሞላ፣ ከድሮውም የበለጠ ድምፅ።

"አልነግርሽም" አልኳት።